ከውቅያኖስ አጠገብ ለምትኖሩ፦ ኖቶ ላይ ያየሁት

ጁላይ 2025 ካምቻትካ አጠገብ መጠኑ 8.8 የሆነ የመሬት መንቀጥቀጥ ሲነሳ ስልኬ ሲጮህ ዋለ። ከሲያትል፣ ከኦክላንድ፣ ከሎስ አንጀለስ። ሁሉም «ሱናሚ ይመጣል እየተባለ ነው፣ ምን እናድርግ?» ነው የሚሉት። እኔን የሚጠይቁኝ ባለሙያ ሆኜ አይደለም። ጃንዋሪ 1 ቀን 2024፣ በእኛ ታኅሣሥ 22 ቀን 2016፣ ጃፓን ውስጥ ኖቶ ባሕረ ገብ መሬት ላይ 7.6 ሲመታ እዚያው ስለነበርኩ ነው። ያኔ በድምፅ መልእክት ቆራርጬ የመለስኩላቸውን አሁን ሰብሰብ አድርጌ ልጻፈው። ረዘም ይላል፣ ታገሱኝ።

እኛ የደጋ ሰዎች ነን። ባሕር ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው ጣናን ወይም ላንጋኖን ነው። ሰው አገር ሄደን ውቅያኖስ ዳር ቤት ስንከራይ ኪራዩን እንጠይቃለን፣ የመኪና ማቆሚያውን እንጠይቃለን። መሬት ቢናወጥ ወዴት እንደምንሮጥ የሚጠይቅ ግን አላየሁም።

ያኔ ካናዛዋ ከተማ ማስተርሴን እየተማርኩ ነበር። አብሮኝ የሚማር ጃፓናዊ ጓደኛዬ «አዲስ ዓመትን ብቻህን አታሳልፍም» ብሎ ወላጆቹ ቤት ወሰደኝ። ከተማዋ ሱዙ ትባላለች። የኖቶ ጫፍ ናት፣ ከዚያ ወዲያ ባሕር ብቻ ነው። ወጣቱ ወደ ትልልቅ ከተሞች ሄዶ ሽማግሌና አሮጊት የቀሩባት ጸጥ ያለች ቦታ ናት። ቤቶቹ የቆዩ የእንጨት ቤቶች ናቸው። ጣራቸው ላይ የሚያብረቀርቅ ከባድ ጥቁር ሸክላ ተደርድሯል። ከተማዋ ስንገባ አንዳንዱ ጣራ በሰማያዊ ሸራ ተሸፍኖ አየሁ። አካባቢው ከ2020 መጨረሻ ጀምሮ መንቀጥቀጥ ተለይቶት አያውቅም፣ ሜይ 2023 ላይ ደግሞ 6.5 መትቷቸዋል። ሸራው የዚያ ቅሪት ነው።

ጾመ ነቢያት ስለነበር የምግቡ ነገር አስጨንቆኝ ነበር። እዚያ አገር መረቅ ሁሉ ዓሣ ነው። (ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለውን ክርክር እዚህ አላነሳም።) ስለዚህ ከአዲስ አበባ የተላከልኝን የገብስ ቆሎና በሶ ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼ ሄድኩ።

በደረስንበት ቀን የጓደኛዬ አያት «ና፣ እንራመድ» አሉኝ። ሰማንያን ያለፉ ናቸው፣ ባለ ጎማ መደገፊያቸውን እየገፉ ነው የሚሄዱት። ሰፈሩን ሊያስጎበኙኝ መስሎኝ ነበር። የወሰዱኝ ከሰፈሩ ጀርባ ወዳለች ኮረብታ ነው። በፈረንጆቹ 2011 ሰሜን ምሥራቅ ጃፓንን ከመታው ሱናሚ ወዲህ የሰፈሩ ሰው በየዓመቱ ወደዚያ እየወጣ ይለማመዳል። አያትየው በየመንገዱ እየቆሙ ያሳዩኛል። ይሄ የድንጋይ አጥር ይወድቃል፣ በመሀል መንገድ ሂድ። በድልድዩ በኩል እንዳትመጣ፣ ቢረዝምም በመቃብሩ በኩል ዙር። ጓደኛዬ እየሳቀ ይተረጉምልኛል። «እንግዳ በመጣ ቁጥር እንዲህ ናቸው» አለኝ።

እንግዲህ ከዚህ በታች የምነግራችሁ ሁሉ የቆመው በዚያች የእግር ጉዞ ላይ ነው።

በማግስቱ ከሰዓት በኋላ፣ ከሥሩ ማሞቂያ ባለው ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠን ቴሌቪዥን እናያለን። ከቀኑ 10 ሰዓት ከ6 ደቂቃ ላይ (ሰዓቱን የምጽፈው በእኛ አቆጣጠር ነው) ቤቱ ተንገጫገጨ። 5.5 ነበር። ዕቃ ተንኳኳ፣ መብራቱ ተወዛወዘ፣ አለፈ። እኔ ተገላገልን ብዬ ነበር። የጓደኛዬ እናት ግን ተነሱ። የጋዝ ማሞቂያውን አጠፉ። የውጭውን በር ከፍተው እንዳይዘጋ አንድ ዕቃ አስደገፉት፤ ቤት ከተጣመመ በር አይከፈትም። ከዚያ ጫማችንን ከበር ሰብስበው አመጡና የገለባ ምንጣፉ ላይ ጣሉት። «አድርጉ» አሉ። ጃፓን የኖረ ሰው ይሄ ምን ማለት እንደሆነ ያውቃል። ምንጣፍ ላይ በጫማ መቆም ነውር ነው፣ እሳቸው ደግሞ ቤታቸውን በጣም የሚያከብሩ ሴት ናቸው።

ማሰሪያዬን አስሬ ሳልጨርስ ዋናው መጣ። 10 ሰዓት ከ10።

መቆም የሚባል ነገር የለም። ወለሉ ላይ በእጄም በእግሬም ሆኜ ወዲህና ወዲያ ይወረውረኛል። የጣራው ሸክላ ሲወርድ ድምፁ ገልባጭ መኪና ድንጋይ ሲዘረግፍ ነው። ቁም ሳጥኑ በግንባሩ ተደፋ። መብራት ጠፋ፣ ቴሌቪዥኑም አብሮ ጠፋ። ቤቱ በአቧራ ታፈነ። አበቃ ስል ይቀጥላል፣ አበቃ ስል ይቀጥላል።

ሲቆም ቤቱ ተጣሟል እንጂ አልወደቀም። በሩ ክፍት ነው። ስንወጣ ደጁ በሙሉ የተሰባበረ ጥቁር ሸክላና መስታወት ሆኗል፤ ያለ ጫማ አንድ እርምጃ አይኬድበትም። አያትየው ባሕሩን ዞር ብለው እንኳ አላዩም። «ሱናሚ» አሉና መንገድ ጀመሩ።

እዚህ ላይ ልቁም። ያኔ ማንም ምንም አልነገረንም። የጃፓን የአየር ትንበያ መሥሪያ ቤት ማስጠንቀቂያውን ያወጣው 10 ሰዓት ከ12 ላይ ነው፣ ማለትም በሁለት ደቂቃ ውስጥ። በዓለም ላይ ከዚያ የሚፈጥን ብዙ የለም። ቢሆንም የሰፈሩ ድምፅ ማጉያ መጮህ ሲጀምር እኛ መንገድ ላይ ነበርን። ባሕሩም ሸሽቶ ታየ አልታየ የምናይበት ጊዜ አልነበረም። ብዙ ሰው «ሱናሚ ሲመጣ መጀመሪያ ባሕሩ ይሸሻል» ሲባል ሰምቷል። አንዳንዴ ይሸሻል፣ አንዳንዴ ግን መጀመሪያውኑ እየሞላ ነው የሚመጣው። ሊያይ የወረደ ሰው ደግሞ የሚያየው ነገር አጠገቡ ነው የሚሆነው። ባሕር ዳር ሆናችሁ መሬቱ መቆም እስኪያቅታችሁ ካናወጣችሁ፣ ወይም ቀለል ብሎም ረዘም ካለ፣ ማስጠንቀቂያው እሱ ነው። ሌላ አትጠብቁ።

የጎረቤት ቤት ተደፍቷል። ከሥሩ የአሮጊት ድምፅ ይሰማል። ይሄን መጻፍ ይከብደኛል፣ ግን ሳልጽፈው ባልፍ ውሸት ይሆንብኛል። ጓደኛዬና አባቱ ወደዚያ ሮጡ። አባትየው ዞር ብለው በእጃቸው ምልክት ሰጡኝ፦ አያትየውን ይዘህ ሂድ። እናትየውም ከእኛ ጋር መጡ። ማን ምን እንደሚያደርግ ቀደም ብለው እንደተነጋገሩበት ያወቅኩት በኋላ ነው። አዛውንቷን በመስኮት በኩል ጎትተው አውጥተው ደረሱብን፤ እግራቸው ተሰብሮ ነበር፣ ተርፈዋል። ባይደርሱስ? ይሄን ሰዎች ደጋግመው ይጠይቁኛል። መልስ የለኝም። የማውቀው አንድ ነገር ነው፦ እንዲህ ያለ ነገር መንገድ ላይ ቆሞ አይመከርበትም። ቤተሰብ እርስ በርሱ «አንጠባበቅም፣ እላይ እንገናኛለን» ብሎ አስቀድሞ መስማማት አለበት። ልጅ ትምህርት ቤት ካለ ትምህርት ቤቱ ወዴት እንደሚያወጣው ጠይቁና እመኑት። በ2011 ካማይሺ በምትባል የጃፓን ከተማ ተማሪዎች ወላጅ ሳይጠብቁ ተነስተው ስለሮጡ ነው ወደ ሦስት ሺሕ የሚጠጉ ልጆች የተረፉት። ትልልቆቹ ትንንሾቹን እየጎተቱ፣ ያያቸው ሽማግሌም እየተከተለ።

መንገዱ ተሰነጣጥቋል። የፍሳሽ ጉድጓድ ክዳኖች ከአስፋልቱ በላይ ብቅ ብለዋል። አያትየው «በዚያ እንዳትመጣ» ያሉኝ ድልድይ ራሱ አልወደቀም። መንገዱ ግን ከድልድዩ ጋር በሚገናኝበት ቦታ ወደ ታች ሰምጦ በመሀላቸው ደረጃ የሚያህል ክፍተት ተፈጥሯል። መኪናዎች እዚያ ላይ ቆመው ቀርተዋል። አንዱ ወደ ኋላ ልዙር ሲል ከኋላው ሌላው መጥቶ ዘግቶበታል። ሰዎች በሩን ክፍት ትተው በእግር ሲሮጡ አየሁ። መኪና አትያዙ የሚባለው ለዚህ ነው። መራመድ የማይችል ሰው ካላችሁ ሌላ ነገር ነው፣ ግን እሱንም ቀድማችሁ አስቡበት። እኛ የድንጋይ አጥሩ የተዘረገፈበትን በመሀል አልፈን በመቃብሩ በኩል ዞርን። ዳገቱ ላይ መደገፊያቸውን ጥለን አያትየውን አዘልኳቸው። ቀላል ናቸው። ጀርባዬ ላይ ሆነው «ቶሎ፣ ቶሎ» ይሉኛል።

ከላይ ሆኜ ያየሁት ውኃ ፊልም ላይ የለመድነው ዓይነት አይደለም። ተጠቅልሎ የሚሰበር ግድግዳ የለውም። ቡናማ ነው፣ ዝቅ ያለ ነው፣ እንጨትና ቆርቆሮ ይዞ በወንዙ በኩል ወደ ላይ ይሄዳል። ከዚያ መንገዶቹ ላይ ይወጣል። አይቸኩልም፣ ግን አይቆምም። ከላይ ሲታይ ጉልበት የሚደርስ ይመስላል። ያ ጉልበት የሚደርሰው ሰው ይጥላል፤ በውስጡ የሚንከባለለው እንጨት ደግሞ ይጨርሰዋል። ደርሶ ተመለሰ። ሲመለስ የአንድ ቤት ጎን ይዞ ሄደ።

የመጀመሪያው ሲመለስ አንድ ሰውዬ «መኪናዬን ላውጣ» ብሎ ወረደ። ሰዎች ጮኹበት፣ አልሰማም። ሁለተኛው ማዕበል መንገድ ላይ አገኘው። አንድ ያልወደቀ ቤት ፎቅ ላይ ወጥቶ እዚያው አደረ፣ ጠዋት እየተንቀጠቀጠ አመጡት። ዕድለኛ ነው። በ1964 የአላስካው 9.2 ሲመታ ካሊፎርኒያ ውስጥ ክሬሰንት ሲቲ የምትባል ከተማ ሰዎች የመጀመሪያዎቹ ሞገዶች ሲያልፉ አለቀ ብለው ተመልሰው ነበር። ትልቁ አራተኛው ሆነ። ስለዚህ አንድ ጊዜ መጥቶ ተመለሰ ማለት አለቀ ማለት አይደለም። እኛ ጋ ማስጠንቀቂያው 10 ሰዓት ከ22 ላይ ወደ ከፍተኛው ደረጃ ወጣ፣ 5 ሜትር ተባለ። ሙሉ በሙሉ የተነሳው በማግስቱ ጠዋት 4 ሰዓት ላይ ነው።

ከቁጥር ጋር ደግሞ አትከራከሩ። በ2011 ኢዋቴ ለሚባለው የጃፓን ክፍለ ሀገር መጀመሪያ የተነገረው 3 ሜትር ነበር። የባሕር ግድባችን ከዚያ ይበልጣል ብለው የተቀመጡ ነበሩ፣ ብዙ ቦታ ከ10 ሜትር አለፈ። ኖቶ ላይም ሱዙ የነበረው የባሕር መለኪያ ጭራሽ መሥራት አቆመ፤ መሬቱ ራሱ ከፍ ብሎ ነበር። በሰሜኑ ጠረፍ መሬቱ እስከ 4 ሜትር ተነስቶ ወደቦች ደረቁ። ማዶ ቶያማ የሚባለው ባሕረ ሰላጤ ላይ ደግሞ ውኃው በሦስት ደቂቃ ገደማ ደርሷል። የባሕሩ ወለል ተንዶ ነው ይላሉ ያጠኑት ሰዎች። ሦስት ደቂቃ! ፓስፖርት ፈልጎ ለማግኘት እንኳ አይበቃም።

ሌሊቱ ረጅም ነበር። ብርዱ አጥንት ይገባል። መሬቱ በየደቂቃው ይናወጣል። የሰፈሩ ሰው ኮረብታው ላይ ባለች መሰብሰቢያ ውስጥ ተጠጋግቶ ተቀመጠ። ጀርባዬ ላይ የነበረችውን ቦርሳ ስፈታ ቆሎዬ አለች። እያፈስኩ አዞርኩ። አንዱ ሽማግሌ አሸተቱትና ፊታቸው በራ፤ ጃፓኖች የተቆላ ገብስ አፍልተው እንደ ሻይ ይጠጣሉ፣ ሽታውን ያውቁታል። ግን ግማሾቹ ጥርሳቸው ሰው ሠራሽ ነው። አፋቸው ውስጥ እያገላበጡ እንደ ከረሜላ ሲመጡት አደሩ። እዚያ ሌሊት የሳቅኩት በዚህ ብቻ ነው። በሶው ግን ውኃ ስለፈለገ ቦርሳዬ ውስጥ ቀረ። ስለዚህ የአደጋ ቦርሳ ስታዘጋጁ ውኃ የማይፈልግ ምግብ ይኑርበት፣ ከምግቡ በፊት ደግሞ ውኃው ራሱ ይኑርበት።

ቦርሳ ካነሳሁ አይቀር፦ በቋሚነት የምትወስዱት መድኃኒት፣ የመኖሪያ ወረቀታችሁ ኮፒ፣ ትንሽ ጥሬ ገንዘብ፣ ባትሪ፣ ሞቅ ያለ ነገር፣ ለሴቶች የወር አበባ መጠበቂያ። የአያትየው ቦርሳ ውስጥ ያረጀ ሸራ ጫማና ፊሽካ ነበር። ፊሽካው ፍርስራሽ ሥር ብትቀር ድምፅህ ቶሎ ስለሚያልቅ ነው አሉኝ። ቦርሳው በር አጠገብ ካልተቀመጠ ግን ምንም አይጠቅም። ፍለጋ የሚያስገባ ቦርሳ ይቅር።

ሌላው በጣም የምፈልገው ነገር፣ ስለ ሱናሚ ስናወራ ቤቱን እንዳንረሳ ነው። ኖቶ ላይ በቀጥታ በአደጋው ከሞቱት ከ200 በላይ ሰዎች አብዛኞቹን ውኃ አልገደላቸውም፣ ቤት ተደርምሶባቸው ነው። እዚያው ኖቶ ውስጥ ባለችው ዋጂማ ከተማ ደግሞ የገበያው ሰፈር በእሳት ወደመ። ወደ ኮረብታው መሮጥ የሚችለው ከቤቱ በእግሩ የወጣ ሰው ነው። ስለዚህ ዛሬ ማታ አልጋችሁ አጠገብ ያለውን ቁም ሳጥን ከግድግዳው ጋር እሰሩት። ከራስጌያችሁ በላይ የተሰቀለውን ከባድ ሥዕል አውርዱት። ጫማና የእጅ ባትሪ አልጋ ሥር ይደር።

ስልኩ ለጥቂት ሰዓት ሠራ፣ ከዚያ ማማዎቹ ባትሪያቸው ሲያልቅ ሞተ። እኔ ገና ሲሠራ ለወንድሜ አንድ አጭር መልእክት ልኬ ነበር፦ «ደህና ነኝ፣ ከፍታ ላይ ነኝ፣ ስልክ ሊጠፋ ይችላል፣ አትደውሉ»። ያቺ መልእክት ባትኖር እናቴ ምን ትሆን እንደነበር እግዚአብሔር ነው የሚያውቀው። መደወል አይሠራም፣ ጽሑፍ ይሾልካል። ለአንድ ሰው ላኩ፣ እሱ ለሌላው ያድርስ።

የቀሩትን ቀናት ብዙ አላወራም። መንገዱ በናዳ ተዘግቶ ስለነበር ቶሎ አልወጣንም። ከረሃብ ይልቅ ያስቸገረን ሽንት ቤት ነበር። ውኃ ከሌለ አይሠራም፣ ሰው ደግሞ ሽንት ቤት ፈርቶ ውኃ መጠጣት ይተዋል፣ ሽማግሌዎቹ በዚህ ይታመማሉ። ጥቂት ወፍራም ፌስታል ይዞ መገኘት ትልቅ ነገር ነው። ሱዙ ውስጥ ለብዙው ቤት የቧንቧ ውኃ የተመለሰው ሜይ መጨረሻ ገደማ ነው።

አሁን ወደ እናንተ ልምጣ። የካምቻትካው ዕለት የጠየቃችሁኝ መልስ ቀላል ነው። ከሩቅ የሚመጣ ሱናሚ ሰዓታት ይሰጣል። ሬዲዮና ስልክ ትሰማላችሁ፣ ውጡ ሲሏችሁ ትወጣላችሁ፣ ባሕር ዳር ቪዲዮ ልቅረጽ አትሉም። ከቅርብ የሚነሳው ነው ፋታ የማይሰጠው። ከሰሜን ካሊፎርኒያ እስከ ቫንኩቨር ደሴት ያለው ጠረፍ ፊት ለፊት ካስኬዲያ የሚባል፣ መንቀጥቀጥ የሚያስነሳ ትልቅ የምድር ስንጥቅ አለ። መጨረሻ ትልቅ መንቀጥቀጥ ያስነሳው ጃንዋሪ 26 ቀን 1700 ነው። ቀኑ እንዲህ በትክክል የታወቀው በዚያ ጊዜ ጃፓን ድረስ የደረሰውን ማዕበል ጃፓኖቹ መዝግበው ስላቆዩ ነው። በበጋ ልጆች ይዛችሁ ዋሽንግተን ስቴት ውስጥ ወዳሉት ዌስትፖርት ወይም ሎንግ ቢች ስትሄዱ የመውጫ ምልክቶቹን አንብቡ። ዌስትፖርት የትምህርት ቤት ጣራ ለዚሁ ተብሎ ተሠርቷል፣ አንድ ሺሕ ያህል ሰው ይይዛል። ሲያትል ያላችሁም «እኛ ከውቅያኖሱ ርቀን ወደ ውስጥ ነን» አትበሉ። በከተማዋ ሥር ራሷን የቻለች የምድር ስንጥቅ አለች። የዋሽንግተን ስቴት የተፈጥሮ ሀብት መሥሪያ ቤት በ2022 ባወጣው ጥናት፣ ከባድ መንቀጥቀጥ ከዚያች ስንጥቅ ቢነሳ ማዕበሉ የወደቡ ዳርቻ ላይ ከ12 ሜትር በላይ ሊሆን፣ ከሦስት ደቂቃ ባነሰ ጊዜም ሊደርስ ይችላል።

እስራኤል ያላችሁ፣ በተለይ አሽዶድ፣ አሽኬሎንና ነታንያ፣ ባሕሩ ዳር የሱናሚ መውጫ ሰሌዳ ተተክሏል። መመሪያው ቢያንስ አንድ ኪሎ ሜትር ከባሕሩ መራቅ፣ ካልተቻለ ደግሞ የአንድ ሕንፃ አራተኛ ፎቅና ከዚያ በላይ መውጣት ነው። ሰሌዳውን አይታችሁ አትለፉት። አንድ ቅዳሜ ልጆቹን ይዛችሁ እስከ መጨረሻው ተራመዱት፣ ሰዓት ያዙ። ከአሮጊት እናታችሁ ጋር ደግሞ አንድ ጊዜ ሂዱት፣ ሰዓቱ ሌላ ይሆናል።

ታናሽ እህቴ ሙስካት ሰው ቤት ትሠራለች፣ ቤቱ ከባሕሩ ብዙ አይርቅም። ኦማን ፊት ለፊት መክራን የሚባል የምድር ስንጥቅ አለ፣ ኖቬምበር 1945 ላይ ሱናሚ አስነስቷል። ይሄን ስነግራት የመለሰችልኝ ሌላ ነው። «ማታ በሩ ይቆለፋል፣ ቁልፉ እነሱ ጋ ነው የሚያድረው» አለችኝ። እውነት ነው፣ ለእሷ ከኮረብታው በፊት የበሩ ነገር ይቀድማል። ለእመቤቷ ስለ ራሷ ሳይሆን ስለ ልጆቹ እንድታነሳ መከርኳት፦ «እናንተ በሌላችሁበት መሬት ቢናወጥ ልጆቹን ይዤ በየት ልውጣ?» ብላ። ቁልፉ አሁን በሩ አጠገብ ይሰቀላል። ወደ ጣራ የሚያወጣውንም ደረጃ አሳይተዋታል። ፓስፖርቷን ግን ገና አልመለሱላትም፣ እሱን በሌላ መንገድ እየሞከርን ነው።